ተዛማጅ የትምህርት መስክ

ሰቆጣ ውስጥ፣ ወደ ሆስፒታሉ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ለጥቂት ዓመታት ብቻ የኖረ አንድ ትንሽ ኮሌጅ ነበር። ዛሬ ግቢው የእህል መጋዘን ሆኗል። በባጃጅ በዚያ ባለፍኩ ቁጥር አንገቴን አዙሬ የቆርቆሮውን በር አያለሁ። እዚያ ያስተማርኩት ሁለት ዓመት ያህል ነው፤ ለማስተማር የተከራከርኩበት ጊዜም ዓመት ሊሞላ ምንም አልቀረውም ነበር። እውነቱን ለመናገር ደግሞ የሚናፍቀኝ ማስተማሩ ሳይሆን ያ የክርክር ጊዜ ነው። ክርክር ስል ችሎቱን ማለቴ አይደለም። ያኔ የኖርኩባትን ባለ ሁለት ክፍል ቤትና አብራኝ የኖረችውን ሴት ማለቴ ነው።

እኔ የሰቆጣ ጎረቤት የሆነው የጋዝጊብላ ወረዳ ልጅ ነኝ። ቤታችን ውስጥ የሚወራው ኽምጥኛ ነበር፤ ሽማግሌዎቹ አገውኛ ይሉታል። አማርኛን የተማርኩት ትምህርት ቤት ገብቼ ነው፤ በኋላ በእሱው ተመረቅኩና ሰቆጣ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ አስተማሪ ሆንኩ። ጓደኛዬ በዚያው ዓመት ከደብረ ታቦር ተመድባ መጣች። ከሌላ አካባቢ የሚመጡ መምህራን አብዛኞቹ ገና ሻንጣቸውን ሳይፈቱ ስለ ዝውውር ያስባሉ። እሷ ግን በመጀመሪያው ሳምንት መምህራን ክፍል ውስጥ አጠገቤ ተቀምጣ በመስኮት ወደ ሜዳው እያየች፣

«ልጆቹ እረፍት ላይ የሚያወሩት ምንድን ነው?» አለችኝ።

«ኽምጥኛ ነው።»

«ክፍል ውስጥ ዝም የሚሉት እነዚሁ ናቸው?»

«እነዚሁ ናቸው።»

ትንሽ አሰበችና፣ «እንግዲያው አስተምሪኝ፤ ልጆቹ የሚስቁበትን ሳላውቅ ማስተማር አልችልም» አለች።

እንዲህ ተጀመረ። ወር ሳይሞላ አንድ ባልቴት ግቢ ውስጥ ሁለት ክፍል ተከራይተን አብረን መኖር ጀመርን። ባልቴቷን ሁለታችንም እማማ እንላቸው ነበር። እማማ አማርኛ ይችላሉ፤ ከእኔ ጋር ግን በቋንቋችን ካልሆነ አያወሩም። ጓደኛዬ በመካከላችን ተቀምጣ አንዴ የእሳቸውን፣ አንዴ የእኔን አፍ ስታይ ትውል ነበር። መጀመሪያ ሰላምታውን ያዘች፣ ቀጥላ የምግብ ስም፣ ከዚያ ስድብ። በጣም ያስቸገራት አማርኛ ውስጥ የሌለው፣ በአፍንጫ በኩል የሚወጣው ድምፅ ነበር። እማማ የራሳቸውን አፍንጫ በሁለት ጣት ይዘው ያሳይዋታል፤ እሷም የራሷን ትይዛለች፤ የሚወጣው ግን ሌላ ነው። አንድ ክረምት ሙሉ እንዲያ ሲጫወቱ ከረሙ።

በገበያ ቀን ደግሞ ፍየል ተራ ትሄዳለች። ከጎረቤት ወረዳችን ከዝቋላ ረጅም መንገድ በእግራቸው ፍየል እየነዱ የሚመጡ ሰዎች ናቸው የሚሸጡት። አንድም ቀን ፍየል ገዝታ አታውቅም። ፍየሏ ስንት ዓመቷ ነው፣ ስንት ወልዳለች፣ ለምን ጆሮዋ ተቀደደ፣ ዘንድሮ ዝናብ እንዴት ነው እያለች በተሰባበረ ኽምጥኛ ትጠይቃለች። መጀመሪያ ይስቁባት ነበር፤ ኋላ ግን ስትዘገይ «ያቺ መምህርት ዛሬ የት ቀረች?» ብለው እኔን ይጠይቁኝ ጀመር።

ሁለተኛ ዲግሪያችንን በክረምት መርሐ ግብር ተማርን። እኔ የደረሰኝ ሥርዓተ ትምህርት ነው። የማስተማሪያ መጽሐፍ እንዴት እንደሚዘጋጅ፣ ምን ከምን ቀድሞ መማር እንዳለበት የሚያጠና ነው፤ ወድጄው ተማርኩት። እሷ ሥነ ልሳን ገባች፤ የመመረቂያ ጥናቷንም በኽምጥኛ ድምፆች ላይ ሠራች። ለጥናቱ የሚናገርላት ሰው ያስፈልጋት ነበርና ያ ሰው እኔ ሆንኩ። በር ዘግተን አልጋ ላይ እንቀመጣለን፣ ስልኳን በመካከላችን ታስቀምጣለች፣ እኔ ቃል እጠራለሁ። ቆርቆሮው ላይ ዝናብ ሲወርድ እናቆማለን፤ የጎረቤት አህያ ስትጮህ እንደገና እንጀምራለን። እማማ በሩ ላይ መጥተው «ምን ሆናችሁ ነው አንድ ቃል እየደጋገማችሁ የምትጠሩት?» ሲሉ ድምፃቸው ከእኔ ድምፅ ጋር ተቀድቶ ቀረ። ጓደኛዬ አልሰረዘችውም።

ተመርቀን ብዙም ሳንቆይ ነው ኮሌጁ የተከፈተው። በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው ታች ክፍል የሚያስተምሩ መምህራንን ሊያሠለጥን ነበር፤ የኽምጥኛ መምህርም ፈለገ። ማስታወቂያው ግድግዳ ላይ ተለጠፈ። በሥነ ልሳን ወይም በተዛማጅ የትምህርት መስክ ሁለተኛ ዲግሪ ያለው፣ ቋንቋውን መናገርና መጻፍ የሚችል፣ ይላል። ሁለታችንም አመለከትን። እንዳትቀሪ፣ አንቺም እንዳትቀሪ ተባባልን። በፈተናው ቀን ዝናብ ስለነበር በአንድ ጃንጥላ ነው የሄድነው። ውጤቱ ሲመጣ አንደኛ እኔ፣ ሁለተኛ እሷ ሆንን። ያን ቀን ነጭ ማር ገዝታ መጣች፤ ከእማማ ጋር ሆነን በዳቦ በላን። ቅር ያላት አይመስልም ነበር፤ ብሏትም ከሆነ አላሳየችኝም።

ኮሌጁ ገብቼ ማስተማር ጀመርኩ። ጥቂት ሳምንታት እንደሄድኩ ዲኑ ቢሮው አስጠራኝ። በዕድሜ የገፋ፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማይናገር ሰው ነበር። ወንበር ስቦ አስቀመጠኝና ቅጥሬ መሰረዙን ነገረኝ።

«ሥርዓተ ትምህርት ከሥነ ልሳን ጋር ተዛማጅ አይደለም ተብሏል» አለ።

«ማን ነው ያለው?»

«ጥያቄ ተነሣ፤ ማብራሪያ ተጠየቀ፤ መልሱ እንዲያ ሆኖ መጣ።»

«ስትቀጥሩኝ የትምህርት ማስረጃዬን አይታችሁ አልነበረም?»

«አይተናል። ቋንቋውን መቻልሽን ማንም አልካደም። እኔም በግሌ አዝናለሁ።» ይህን ሲል ዓይኔን ማየት አልቻለም፤ ማዘኑ እውነት ነበር።

ቤት ስደርስ ጓደኛዬ ከእኔ ቀድማ ገብታ አልጋዋ ላይ ተቀምጣ ነበር። ፊቷን እንዳየሁ ገባኝ። ተከታዩን ውጤት ያመጣችው እሷ ስለሆነች ቦታው ለእሷ ነው።

«ጠሩሽ?» አልኳት።

«ጠሩኝ። አልፈልግም ልበል?»

«ለምን? አንቺ ብትተዪው ሌላ ሰው ነው የሚገባው። ግቢበት። እኔ እከሳለሁ።»

«ማንን?»

«ኮሌጁን ነዋ።»

«እኔስ ምን ልሆን ነው?»

ይህን አላውቅም ነበር። በማግሥቱ ፍርድ ቤቱ በር ላይ ጃንጥላ ዘርግቶ ማመልከቻ የሚጽፍ አንድ ሰውዬ ዘንድ ሄጄ ጠየቅኩ። ብዙ ዘመን በዚያ ሥራ የቆየ፣ ራሱን ከጠበቃ የማያሳንስ ሰው ነው። «እሷ ጣልቃ ገብ ትባላለች» አለኝ። «በውሳኔው መብቷ የሚነካ ስለሆነ ገብታ ትከራከራለች። እስከዚያው ግን አንድ ቤት መኖራችሁን ተዪው። ደግ አይደለም።»

አልተውነውም። እንዲያውም የጻፈልኝን ማመልከቻ ይዤ ስገባ ከእጄ ተቀብላ አነበበችው። የሰውዬው አማርኛ እንደ አሸንዳ ውሃ የሚወርድ ነው፤ አንድ ዓረፍተ ነገር ተጀምሮ ገጹ ሲያልቅም አያልቅም። ጓደኛዬ እየሳቀች እስክሪብቶ አነሣችና መሰባበር ጀመረች። «እዚህ ጋ ምን ማለትሽ እንደሆነ ዳኛው አይገባውም» ትለኛለች። «እዚህ ጋ ደግሞ ‹ተዛማጅ› የሚለው ቃል ትርጉም አልተሰጠውም በይ። ዋናው ነጥብሽ እሱ ነው፤ መጨረሻ ላይ ቀብሮብሻል።» ወደ መጀመሪያው አመጣችልኝ። እኔም በተራዬ እሷ ለምታቀርበው መልስ የኮሌጁን መመሪያ ፈልጌ ሰጠኋት።

መጀመሪያ ያመለከትኩለት የኮሌጁ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ አቤቱታዬን ሳይቀበለው ቀረ። ስለዚህ ጉዳዩ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ሄደ፤ እሱ ደግሞ ሰቆጣ የሚመጣው በተዘዋዋሪ ችሎት ነው። ቀጠሮ ይሰጣል፣ ዳኞቹ አይመጡም። ሌላ ቀጠሮ ይሰጣል፣ መንገድ ተዘግቷል ይባላል። እኔ ወደ ሁለተኛ ደረጃው ትምህርት ቤት ተመለስኩ፤ እሷ ኮሌጁ ገባች።

ለሁለታችን የመጣው መጥሪያ በአንድ ቀን ነው የደረሰን። የተቀበሉልን እማማ ነበሩ። ማታ ስንገባ ሁለታችንንም ደጃቸው ላይ አስቀመጡን።

«ሽማግሌ ልጥራ» አሉ።

«እማማ፣ እኛ እኮ አልተጣላንም» አለች ጓደኛዬ።

«ያልተጣላ ሰው ፍርድ ቤት ምን ይሠራል?»

«በአንድ ቃል ምክንያት ነው።»

«የምን ቃል?»

«‹ተዛማጅ› የሚል ቃል ነው፤ የሷ ትምህርት ለሥራው ተዛማጅ ነው አይደለም በሚል ነው ክርክሩ።»

እማማ ቃሉን ለራሳቸው ደጋገሙት። «ዘመድ ከሚለው ነው?»

«አዎ፣ ከዚያው ነው።»

«ታዲያ ማን የማን ዘመድ እንደሆነ ከባሕር ዳር የመጣ ዳኛ ምን ያውቃል?»

ጓደኛዬ ሳቋን ስታፍን ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ነበር። እማማ ግን አልሳቁም። በዚያው ሳምንት በየማዕዳችን እየመጡ አብረውን ይበሉ ጀመር፤ ለምን እንደሆነ አልተናገሩም።

ያን ዓመት ሳስታውስ ፊቴ የሚመጣው ራታችን ነው። ነገ የምታስተምረውን ዛሬ እኔ ላይ ትሞክራለች። እኔ ተማሪ ሆኜ እጄን አወጣለሁ። ምላሷ ሲሳሳት አቃናታለሁ። እሷ ደግሞ የእኔን አጻጻፍ ታርማለች፤ አንዱን ቃል ዛሬ በአንድ ፊደል፣ ነገ በሌላ እጽፈው ነበርና። ስናገረው የኖርኩት ቋንቋ ሕግ እንዳለው ያየሁት ያኔ ነው። ግሱ ለምን መጨረሻው ላይ እንደሚለዋወጥ ስትነግረኝ እናቴን የምታውቅልኝ ሰው ያገኘሁ ይመስለኝ ነበር። ጥሩ መምህርት እንድትሆን እፈልግ ነበር። ቦታውን እንድወስድባትም እፈልግ ነበር። ሁለቱ ስሜቶች አንድ ማዕድ ላይ ተቀምጠው አይጣሉም ነበር።

አንድ ጊዜ ብቻ ተጋጨን። በጋ ነው፤ ውሃ በፈረቃ ይመጣል። ተራዋ ሆኖ ጀሪካኖቹን ሳትሞላ ቀረችና ተናገርኳት። እሷም መለሰች። ከውሃ ተነሥተን የት እንደደረስን አላስታውስም፤ መጨረሻ ላይ ግን ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ብታሸንፊ እኔ የት እንደምሄድ አስበሽ ታውቂያለሽ?» አለችኝ።

የድሮ ክፍለ ጊዜዋ ለሌላ መምህር ተሰጥቶ ነበር። ከተማው ውስጥ ሌላ ክፍት ቦታ አልነበረም። ጀሪካኑን ይዤ ወጣሁ። ጥቂት ቀን እማማ በመካከላችን አስተርጓሚ ሆኑ፤ ለእኔ በኽምጥኛ፣ ለእሷ በአማርኛ። ኋላ ጓደኛዬ ራሷ በኽምጥኛ ስትመልስላቸው ሦስታችንም ሳቅንና አለፈ።

በመጨረሻ ዳኞቹ መጡ። የተሰየሙት በአንድ የስብሰባ አዳራሽ ውስጥ ነው። ሰብሳቢው መነጽር ያደረጉ፣ እያንዳንዱን ቃል ረጋ ብለው የሚጠይቁ ሰው ነበሩ። የኮሌጁ ነገረ ፈጅ ተነሥቶ ተናገረ፤ ክርክሩ ቀላል አልነበረም። «ሥርዓተ ትምህርት ለማንኛውም ትምህርት የሚያገለግል ነው» አለ። «ለቋንቋ ተዛማጅ ነው ካልን ለኬሚስትሪም ተዛማጅ ሊሆን ነው። እንዲያ ከሆነ መስፈርት ማውጣት ለምን አስፈለገ?» እውነቱን ለመናገር እኔም ‹እውነት አለው› አልኩ በልቤ።

እኔ ስነሣ የጻፍነውን ተናገርኩ። ኮሌጁ የሚያሠለጥነው አስተማሪዎችን ስለሆነ እንዴት ማስተማር እንዳለባቸው ማወቅ የሥራው እኩሌታ መሆኑን፣ ማስታወቂያው ‹ተዛማጅ› የሚለውን ሳያብራራ መውጣቱን፣ ማስረጃዬን አይተው ከቀጠሩኝ በኋላ ትርጉሙን ማጥበባቸውን። ስጨርስ ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት።

ከዚያ ሰብሳቢው ወደ ጓደኛዬ ዞሩ። «ጣልቃ ገብ፣ የአመልካቿን የቋንቋ ችሎታ ያውቁታል?»

«አውቃለሁ» አለች። «የሁለተኛ ዲግሪ ጥናቴን የሠራሁት በእሳቸው ድምፅ ነው። እኔን ያስተማሩኝም እሳቸው ናቸው።»

ነገረ ፈጁ ወዲያው ተነሣና፣ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ይህ የእኛን ክርክር ያጠናክራል፤ የቋንቋ ምንጭ መሆንና ቋንቋን ማጥናት የተለያዩ ናቸው» አለ። ፈጣን ሰው ነበር።

ሰብሳቢው ወደ እኔ ተመለሱ። «እርስዎስ? ጣልቃ ገቧ ይህን ትምህርት ማስተማር ይችላሉ ብለው ያምናሉ?»

ማመልከቻ ጸሐፊው ከኋላዬ ተቀምጦ ነበር። ስለ ተከራካሪሽ ደግ ነገር እንዳይወጣሽ ብሎ አስጠንቅቆኝ ነበርና ጉሮሮውን ሲጠርግ ሰማሁት። ፊት ለፊቴ ያለችውን አየኋት። ለቀጠሮው ብላ የለበሰችው ሹራብ የእኔ ነው።

«ይችላሉ» አልኩ። «እኔ ቋንቋውን እናገረዋለሁ። ለምን እንደዚያ እንደምናገረው የነገሩኝ ግን እሳቸው ናቸው።»

ማመልከቻ ጸሐፊው ተነሥቶ ወጣ።

ወደ ቤት አብረን ሄድን። ገበያው ጋ ስንደርስ፣ «እሳቸው አልሽኝ» አለች።

«አንቺስ አላልሽኝም?»

«ከዛሬ ጀምሮ አንቱ ካላልሽኝ ራት አልሠራም።»

ሳቃችን አላቆም ብሎን መንገድ ዳር ቆምን። ፍየል ሻጮቹ ምን እንዳገኘን ጠየቁን። ፍርድ ቤት ተካሰን መምጣታችን ነው ብላ በኽምጥኛ ስትነግራቸው አላመኗትም።

ውሳኔው የተነበበው በክረምቱ መግቢያ ነው። ‹ተዛማጅ› የሚለው ቃል በማስታወቂያው ስላልተብራራ፣ አሠሪው ቅጥሩን ከፈጸመ በኋላ ሠራተኛዋን በሚጎዳ መንገድ አጥብቦ ሊተረጉመው አይገባም ይላል፤ ስለዚህ ስረዛው ፈርሷል፣ አመልካች ወደ ሥራዋ ትመለስ። እኛ አንዳችን ስለ ሌላችን የተናገርነው ውሳኔው ውስጥ አንድም መስመር አልያዘም። ጉዳዩን የፈታው እሷ ከማመልከቻው መጨረሻ አንሥታ መጀመሪያ ላይ ያስቀመጠችው ነጥብ ነበር። አዳራሹ ውስጥ ዞራ ሳመችኝ። «እንኳን ደስ አለሽ» አለች፤ ጉንጯ እርጥብ ነበር፣ የእኔም እንዲሁ።

ለእሷ ዝቋላ ውስጥ የሚገኝ ትምህርት ቤት ቦታ ተገኘላት። ሄዳ አይታው ሁሉ ነበር፤ ወደደችውም። ግን እናቷ ታመሙና ወደ ደብረ ታቦር ዝውውር ጠየቀች። በዚህ ጊዜ ቶሎ ተፈቀደላት።

የሄደች ቀን ጠዋት እማማና እኔ አውቶቡስ መናኸሪያው ድረስ ሸኘናት። እማማ ማር በፕላስቲክ ዕቃ ይዘውላት በነጠላ ጠቅልለው ነበር። መስኮት ዳር ተቀመጠች። አጠገቧ የተቀመጡት ወልድያ ልጃቸውን ሊጠይቁ የሚሄዱ አንድ ሽማግሌ ነበሩ። በኽምጥኛ ሰላም አለቻቸው። ሰውዬው ደንግጠው ዞሩ፣ የማን ልጅ እንደሆነች ጠየቋት፣ እሷ መለሰች፣ እሳቸው ሳቁ። አውቶቡሱ ሲንቀሳቀስ ወሬያቸው ደርቶ ስለነበር ወደ እኛ እጇን ማውለብለብ ረሳች። እማማ «ተዪያት፣ ትጫወት» አሉኝ።

ኮሌጁ ውስጥ ሁለት ዓመት ያህል አስተማርኩ። ከመማሪያ ጽሑፎቼ አብዛኛው የእሷ ጥናት ነው። ተማሪዎቹ ፊት ቆሜ ምሳሌዎቹን ሳነብ የራሴን አነጋገር መልሼ የማስተምር መሆኑ ያስገርመኝ ነበር። ከዚያ ጦርነቱ መጣ። ኮሌጁ ተዘጋ፣ ተማሪው ተበተነ፣ ስልክ ተቋረጠ። ብዙ ወራት ያለ ወሬ ቆየን። ስልኩ ሲከፈት መጀመሪያ የደወለችልኝ እሷ ናት። ጤና ይስጥልኝም ሳትል በኽምጥኛ «እማማስ?» አለች። ደህና መሆናቸውን ስነግራት አማርኛም ኽምጥኛም ጠፋት።

ኮሌጁ እንደገና አልተከፈተም። እኔ ሁለተኛ ደረጃው ትምህርት ቤት ነኝ፤ እማማም አሉ፣ ጆሯቸው ትንሽ ደክሟል። ባለፈው ወር ከዚያ ኮሌጅ ካስተማርናቸው ልጆች አንዱ ሊጠይቀኝ መጣ። መጀመሪያ ለጥቂት ሳምንት የእኔ፣ ቀጥሎ የእሷ፣ እንደገና የእኔ ተማሪ የነበረ ልጅ ነው። ቋንቋውን ራሱን አጥንቶ በሁለተኛ ዲግሪ ተመርቆ፣ ሌላ ቦታ ኮሌጅ ሊያስተምር ተቀጥሯል። የቅጥሩ መስፈርት ምን ይላል ብዬ ጠየቅኩት። በቋንቋው የተመረቀ ይላል አለኝ፤ ተዛማጅ የሚል የለበትም። አሁን ብናመለክት እኔም እሷም ገና በር ላይ እንመለሳለን።

እሱ ተቀምጦ እያለ ደወልኩላትና አገናኘኋቸው። የትኛው እንደሆነ ለማወቅ የት ይቀመጥ እንደነበር ጠየቀችው። በመስኮቱ በኩል፣ ከኋላ ሁለተኛው ወንበር ላይ አላት። አስታወሰችው። ከዚያ እኔ የማላውቀው ነገር አንሥተው ረጅም ጊዜ አወሩ፤ እኔ ወጥ ላማስል ወጣሁና ስመለስም አልጨረሱም ነበር።